ለቀጣዩ ጉባኤ ስለተላለፈው ልጄ

ለክቡር አባ ቴዎፍሎስ
የአብያተ ክርስቲያናት የጋራ ምክክር ጽሕፈት ቤት ሰብሳቢና የቀኖና ሕግ ሊቅ
ባሉበት

ጉዳዩ፦ ስለተሰጠኝ መልስ ምስጋና ማቅረብን ይመለከታል

ክቡር አባታችን፣

ከሁሉ አስቀድሞ የአክብሮት ሰላምታዬ ባሉበት ይድረስዎ። ጤናዎ እንደምን ነው? ጉልበትዎስ? ከስብሰባ ወደ ስብሰባ እየተዘዋወሩ መቀመጥ ወገብ ይጎዳል ሲሉ ሰምቻለሁና ቸሩ አምላክ ወገብዎን ያጽናልዎ፤ የሚቀመጡበትንም ወንበር ያለስልስልዎ። እኛ የመንዝ ብርድ እንዳለ ሆኖ ደህና ነን። ገብሱ ተዘርቷል፤ በጎቹም የማንንም ጽሕፈት ቤት ፈቃድ ሳይጠብቁ ወልደዋል።

እኔ ባምላኩ ተገኘ እባላለሁ። ከዘመሮ ወደ ጓሳ በሚያወጣው መንገድ ላይ ባለች መንደር የአንደኛ ደረጃ ትምህርት ቤት የአማርኛ መምህር ነኝ፤ በልጅነቴም በዲቁና አገልግያለሁ። ባለፈው ኅዳር አንድ ጥያቄ ጽፌልዎ ነበር። በግንቦት ወር መልሱ ማኅተም አርፎበትና ሁለት ፊርማ ተፈርሞበት ደረሰኝ፤ አንዱ ፊርማ ስለ ካቶሊክ ቤተ ክርስቲያን የእርስዎ፣ ሁለተኛው ስለ እኛ ስለ ኦርቶዶክሳውያኑ የባልደረባዎ የመጋቤ ምሥጢር ምንይሉ ነው። ጉዳዩን ክቡርነትዎ ቢያውቁትም፣ ይህ ደብዳቤ ግልጽ ነውና ሌላው አንባቢ እንዲረዳው ከመነሻው እንድጀምር ይፍቀዱልኝ።

መስከረም ላይ፣ ከመስቀል በዓል በኋላ፣ ባለቤቴን ጌታነሽን ወሯ ሳይገባ ምጥ ያዛት። ወደ ሆስፒታል የሚያደርሰው መንገድ በዚያ ሰሞን ተዘግቶ ስለነበር አምቡላንስ ሊመጣልን አልቻለም። የደረሰችልን የጤና ጣቢያችን አዋላጅ ነርስ ትሕትና ናት። ትሕትና ከጉራጌ አገር፣ ከካቶሊካውያን ቤተሰብ የተወለደች፣ እኛ ዘንድ ተመድባ የመጣች ልጅ ናት። በጭቃው በእግሯ መጥታ ልጁን አዋለደችልን። ወንድ ነበር። በጣም ትንሽ ነበር፤ ትንፋሹ መጣሁ ቀረሁ ይላል። ትሕትና ከእናቱ ደረት ጋር ለጥፋ፣ በላዩ የበግ ጠጉር ባና ደርባ ስታሞቀው ዋለች፤ አደረችም። ሲነጋ እኔን ወደ ደጅ ጠርታ፣ ቀኑን የሚሻገር እንደማይመስላት ነገረችኝ።

ዕለቱ እሑድ ነበር። ወደ ንስሐ አባታችን ወደ ቄስ አፈወርቅ ሮጥኩ። በአገራችን ወንድ ልጅ በአርባ ቀኑ፣ ሴት ልጅ በሰማንያ ቀኗ ክርስትና እንደሚነሡ ያውቃሉ፤ ሕፃኑ ለሞት ከቀረበ ግን ቀኑ አይጠበቅም፤ ይህን እሳቸውም እኔም አላጣነውም። ችግሩ ሌላ ነበር። አራስ ቤት የገባ ካህን በዚያ ቀን ቤተ መቅደስ አይገባም፤ ያለ ሁለት ቄስና ያለ ሦስት ዲያቆን ደግሞ አይቀደስም፤ በደብራችን ያሉት ቄሶች ሁለት ብቻ ናቸው። እሳቸው ወደ ቤቴ ቢመጡ የሰንበት ቅዳሴ ሊታጎል ነው። ሕዝቡ ተሰብስቦ ቆሟል። ስለዚህ ልጁን ወደ ቤተ ክርስቲያን እንዳመጣው ነገሩኝ። ልጁ ግን ከእናቱ ደረት ተነሥቶ ያንን ዳገትና ያንን ብርድ የሚችል አልነበረም።

ቄስ አፈወርቅ ጨካኝ ሰው አይደሉም። ጠበል በጠርሙስ ቀድተው፣ ጸልየውበት፣ ለእናቲቱም ለልጁም እንድንረጭላቸው ሰጡኝ፤ ከቅዳሴ በኋላም እስከ አጥራችን ድረስ እንደሚመጡ ቃል ገቡልኝ። ጠርሙሱን በብብቴ ይዤ ተመለስኩ።

ስደርስ የልጁ ከንፈር ጠቁሯል። ጌታነሽ ጠርሙሱን ከእጄ ተቀብላ ለትሕትና ዘረጋችላት። ትሕትና አንድ ጊዜ ስለ ቤተ ክርስቲያኗ ሕግ ስትነግረን፣ ሞት ሲቀርብና ካህን ሲጠፋ ማንም ምእመን ማጥመቅ ይችላል ብላ ነበር፤ እኔ ረስቼው ነበር፤ ጌታነሽ አልረሳችውም። ትሕትና ፈራች። «እኔ ከእናንተ ቤተ ክርስቲያን አይደለሁም፣ ነገ ጣጣ ይመጣባችኋል» ብላ እጇን ሰበሰበች። ያን ጊዜ ጌታነሽ «በአንቺ እጅ መጣ፤ በአንቺ እጅ ክርስቲያን ሆኖ ይሂድልኝ» አለቻት።

ትሕትና ውኃውን ሦስት ጊዜ በራሱ ላይ አፈሰሰች፤ በስመ አብ ወወልድ ወመንፈስ ቅዱስ ብላም አጠመቀችው፤ በግእዝ፣ እኔ በዲቁናዬ ዘመን ቆሜ እንደሰማሁት አድርጋ። ስሙንም ኃይለመስቀል አለችው። ያቀፈችው እናቴ ወይዘሮ ወሰንየለሽ ነበረች፤ አሜን አለች። ሰዉ ከቅዳሴ ሲወጣ ልጄ ዐርፎ ነበር።

ቄስ አፈወርቅ ቃላቸውን ጠብቀው መጡ፤ ከአጥሩ ውጭ ሆነው ለቅሶውን ሰሙ። የሰበካ ጉባኤያችን ተሰብስቦ የጠየቀን አንድ ጥያቄ ብቻ ነው፤ ልጁ ተጠምቋል ወይስ አልተጠመቀም? ክርስትና ያልተነሣ ሕፃን ፍትሐት የለውም፤ የሚቀበረውም ከግንቡ ማዶ፣ መሰሎቹ በሚያርፉበት ነው። እናቴ ተጠምቋል አለች። ማን አጠመቀው ሲሏት እውነቱን ነገረቻቸው፤ እናቴ መዋሸት አትችልበትም። ልጄ ከግንቡ ማዶ ተቀበረ። ቄስ አፈወርቅ ፍትሐት እንዳያደርሱ ስለተከለከሉ፣ አፈሩ እስኪመለስ ድረስ መቋሚያቸውን ተደግፈው ቆሙና እንደ ማንኛውም ጎረቤት ነፍስ ይማር ብለው ሄዱ።

በዚያው ሰሞን የጽሕፈት ቤትዎ መግለጫ በሬዲዮ ተነበበ። ሁለቱ አብያተ ክርስቲያናት አንዲት ጥምቀትን እንደሚያምኑ፣ በጸሎተ ሃይማኖትም በየቀኑ እንደሚመሰክሩ፣ በመካከላቸውም የወንድማማችነት ውይይት መልካም ፍሬ እያፈራ መሆኑን ይገልጻል። ጌታነሽ የበግ ጠጉር እየፈተለች ነበር፤ እንዝርቷን አስቀምጣ እስከ መጨረሻው አዳመጠችው። ከዚያም ጻፍላቸው አለችኝ። ስለዚህ ጻፍኩልዎ። ጥያቄዬ አጭር ነበር፤ ልጄ ክርስቲያን ነውን? ነው ካሉም፣ ከግንቡ ወዲህ እንዲገባልን ሁለታችሁም አንድ ቃል ጻፉልን።

እነሆ ስለሰጡን መልስ ምስጋናዬን በተራ ቁጥር አቀርባለሁ።

፩ኛ/ በኅዳር የተጠየቀ ጥያቄ በግንቦት መመለሱ፣ አንድ ሺህ አምስት መቶ ዓመት ያለፈውን ልዩነት ለሚመረምር ጽሕፈት ቤት የመብረቅ ያህል ፍጥነት መሆኑን ተረድቻለሁ። ለሐዘናችን ከዘገየበት ጥፋቱ የሐዘኑ ነው።

፪ኛ/ በመልስዎ የመጀመሪያ ክፍል፣ ውኃ ስለፈሰሰ፣ የሥላሴ ስም ስለተጠራ፣ ያጠመቀችውም ሴት ቤተ ክርስቲያን የምታደርገውን ለማድረግ ስላሰበች፣ በቀኖናችሁ መሠረት ጥምቀቱ የጸና ነው ብለው ጽፈዋል። ይህን ዓረፍተ ነገር ለጌታነሽ ሳነብላት ተነሥታ መሬቱን ሳመች። መቼም ደስታ ከቤታችን ከወጣ ቆይቶ ነበርና፣ ክቡርነትዎ እዚያ ላይ ነጥብ አድርገው ቢተዉት ኖሮ ምን ነበረበት? ቀጣዩ ዓረፍተ ነገር ግን፣ ሕፃኑ የኦርቶዶክሳውያን ወላጆች ልጅ እንደመሆኑ የቤተሰቦቹ ቤተ ክርስቲያን ልጅ ስለሆነ፣ የቀብሩ ጉዳይ የሚመለከተው እሷን ነው ይላል። ወረቀቱን ገልብጬ የመጋቤ ምሥጢርን ክፍል አነበብኩ። እሳቸውም በበኩላቸው፣ ካህን ያላጠመቀውን፣ ያውም ከቤተ ክርስቲያናችን ውጭ በሆነ እጅ የተፈጸመውን እንደ ጥምቀት ለመቁጠር እንደሚቸገሩ ገልጸው፣ ጥያቄው ለአጥማቂዋ ቤተ ክርስቲያን ቢቀርብ እንደሚሻል በአክብሮት ይመክሩኛል። ሁለት ባላ ትከል፣ አንዱ ቢሰበር በአንዱ ተንጠልጠል ይላል ያገሬ ሰው። የእኔ ልጅ ሁለት ባላ ነበረው፤ ሁለቱም አልተሰበሩም፤ ሁለቱም ጸንተው እንደቆሙ ነው ከመካከላቸው የወደቀው።

በነገራችን ላይ፣ ውኃው የቄስ አፈወርቅ፣ እጁ የትሕትና መሆኑን በደብዳቤዬ ጠቅሼ ነበር። ስለ ውኃው ሁለታችሁም አንዳች አላላችሁም። የአባይን ልጅ ውኃ ጠማው ይባላል፤ የእኔን ልጅ ደግሞ ውኃው ሳይጠፋ ባለቤቱ ጠፋበት።

፫ኛ/ እጅግ የማመሰግንዎ ስለ ሦስተኛው አንቀጽዎ ነው። እንደ ማብራሪያ አድርገው፣ በእናንተ ሕግ አንድ ሕፃን ሳይጠመቅ እንኳ ቢሞት፣ ወላጆቹ ሊያስጠምቁት አስበው ከነበረ፣ ጳጳሱ ፈቅደው የቤተ ክርስቲያን የቀብር ሥርዓት ሊደረግለት እንደሚችል ጽፈዋል። «ይህ ሕፃን ግን የእኛ ምእመን ስላልሆነ ሕጉ በቀጥታ አይመለከተውም» ብለው በቅንፍ አክለዋል። ቅንፏ ትንሽ ናት፤ ልጄ ግን በውስጧ በቂ ቦታ አግኝቷል።

ይህን አንቀጽ ጌታነሽ ደጋግሜ እንዳነብላት ጠየቀችኝ። እኔም አነበብኩላት። ወላጆቹ ሊያስጠምቁት አስበው ከነበረ የሚለው ላይ ስደርስ ሁልጊዜ ታስቆመኛለች። በመጨረሻ ምን ብላ እንደጠየቀችኝ ልንገርዎ፤ «ይሄ ሕግ ያለበት ቤተ ክርስቲያን በእግር ስንት ቀን ያስኬዳል?» አለችኝ። ልጇን አውጥታ በባና ጠቅልላ ልትሸከመው አስባ እንደሆነ ገባኝ። መልሱን ክቡርነትዎ ካወቁት ይጻፉላት። ሕጋችሁ የእኛን ሐዘን እንዲህ አድርጎ ማወቁ ገርሞኛል፤ ያወቀን ግን እንደ ባዳ ነው፤ በመስኮት አይቶን በሩን እንደዘጋ ሰው ሆኖብናል።

፬ኛ/ ስለ ትሕትና የሰጡትን መመሪያም ተቀብለናል። አጥማቂዋ ድርጊቱን ወዲያውኑ ለቅርቡ የካቶሊክ ቁምስና አሳውቃ፣ ምስክር አቅርባ፣ በጥምቀት መዝገብ ማስመዝገብ ይገባት ነበር ብለዋል። እውነት ነው፤ ይገባት ነበር። ልጁን ሊያሳክም የሚችል መንገድ የጠፋ ዕለት፣ መዝገብ የሚያደርስ መንገድ እንዴት እንዳላገኘች ጠይቄ ልወቅሳት ግን አልደፈርኩም። ደግሞ ስለ እሷ የማያውቁት ነገር አለ። ወሬው ከተሰማ ወዲህ አንዳንድ እርጉዞች ልጆቻችንን ታስኮበልላለች ብለው ጤና ጣቢያ መሄድ ትተዋል፤ አንዲት ሴት ከራቤል ከተማ ማዶ ካለች ዘመዷ ዘንድ ልትወልድ ስትጓዝ መንገድ ላይ ደም ፈሷት ለጥቂት ተርፋለች። ትሕትና ይህን ስትሰማ እኛ ቤት መጥታ አለቀሰች። «ውኃውን ማፍሰስ አልነበረብኝም» አለች። ጌታነሽ ግንባሯን ሳመቻት። እኔ ደግሞ ክቡርነትዎንና ባልደረባዎን በአንድ መድረክ ላይ ተቃቅፈው የሚያሳየውን ፎቶግራፍ አስታወስኩና፣ ሊቃውንቱ እንዲህ ከተዋደዱ የእኛ ሴቶች አዋላጇን የሚፈሩት በማን ጥል ነው ብዬ አሰብኩ። ዝሆኖች ሲጣሉ የሚጎዳው ሳሩ ነው ሲባል አውቅ ነበር፤ ሲፋቀሩም እዚያው ሳሩ ላይ መሆኑን ያወቅሁት ከእናንተ ነው።

፭ኛ/ አምስተኛውን ጀምሬ ብዙ ቆየሁበት፤ እንደ ሌሎቹ ላሾፍበትም አልቻልኩም።

አርባኛው ቀን መጣ። በአገራችን ወንድ ልጅ በአርባ ቀኑ ክርስትና ይነሣል። የሞተ ሰውም በአርባ ቀኑ ተዝካሩ ይወጣል። እኛ ቤት ሁለቱ አርባዎች አንድ ላይ ዋሉ። ለክርስትናው ልጅ የለም፤ ለተዝካሩ ክርስትና የለም። ጌታነሽ ግን ጠላ ጠምቃ ነበር። ለየትኛው እንደጠመቀችው አልጠየቅኋትም። ጎረቤቶቻችን መጥተው ከደጅ ቆሙ፤ እንኳን ማርያም ማረችሽ እንዳይሉ ልጅ የለ፣ ነፍስ ይማር እንዳይሉ ስሙ በቅዳሴ አይጠራ። አንድ ሽማግሌ ጎረቤታችን ጥላቸውን አጣጥፈው ሲቀመጡ ሁሉም ተቀመጠ። ጠላው ተጠጣ። ማንም ምንም ሳይመርቅ ተነሣ። ከዚያ ወዲህ ጌታነሽ በየእሑዱ ቤተ ክርስቲያን ትሄዳለች፤ ነገር ግን አትገባም። ከግንቡ ማዶ፣ ጀርባዋን ለድንጋዩ ሰጥታ ትቀመጥና ቅዳሴውን ከዚያ ሆና ትሰማለች። ወነአምን በአሐቲ ጥምቀት ሲባል ትነሣለች። ከውስጥ ያለው ሕዝብና ከውጭ ያለችው እሷ አብረው አንዲት ጥምቀት ይላሉ። በመካከላቸው ያለው ግንብ ነው።

፮ኛ/ ለመካሪ መምከር ነውር ባይሆንብኝ አንድ ነገር ልጠቁም። እኛ ጓሳ የሚባል የግጦሽና የሣር አገር አለን። አባቶቻችን ማን መቼ እንደሚያጭድ፣ ሣሩ መቼ እንደሚዘጋና መቼ እንደሚከፈት ተማክረው ደንግገውልናል። ድርቅ የመጣ እንደሆነ ሽማግሌዎቹ ያንኑ ሰሞን ተሰብስበው ይከፍቱታል፤ በጉ ሞቶ ካለቀ በኋላ የሚከፈት ሣር ዋጋ እንደሌለው አንድምታ ሳይማሩ ያውቁታል። ክቡርነትዎ ለሚቀጥለው ጉባኤ እንግዳ ሲጠሩ ከእነዚህ ሰዎች አንዱን ቢጋብዙ፣ አበል እንኳ አይጠይቁዎትም።

የመልስዎ የመጨረሻ መስመር፣ ጉዳዩ ጥምቀትን እርስ በርስ ስለ መቀበል በሚያጠናው ንዑስ ኮሚቴ በኩል ለቀጣዩ ጉባኤ መተላለፉን ያበሥረናል። ንዑስ ኮሚቴው ከተቋቋመ ስንት ዘመን እንደሆነው አልጠይቅም፤ ውኃ ቢወቅጡት እንቦጭ የሚባለው ለሌላ ሰው ነው። የእኔ ልጅ በእናቱ ደረት ላይ የቆየው ከአንድ ቀን ብዙም አይበልጥም። በእናንተ አጀንዳ ላይ ግን ዕድሜ ተሰጥቶታል፤ ምናልባት እኔን ይቀብራል።

አባታችን፣ ቀልዱን ልተወው። እኔ ሃይማኖቴን አልቀይርም፤ የእርስዎንም አልነቅፍም። የአባቶቼን ሥርዓት እወዳለሁ፤ ቄስ አፈወርቅም ቅዳሴውን ስላላስታጎሉ አልተቀየምኳቸውም። አብያተ ክርስቲያናቱን የለየውን የኬልቄዶንን ጉዳይ እንድትጨርሱልኝ አልጠየቅሁም፤ እሱን ጌታ ሲመጣ ያየዋል። የጠየቅሁት አንድ ስንዝር የሚያህል መቃብር ነው። ሁለታችሁ አንድ ላይ ሆናችሁ ይህ ሕፃን የክርስቲያን ልጅ ነው፣ እናቱ በሐዘን ሳታልቅ አስገቡት የሚል አንድ መስመር ብትጽፉ ይበቃል፤ የደብራችን ሰዎች ክፉዎች አይደሉም፤ የሚይዙት ወረቀት ነው ያጡት። ልቤ ተሰብሯል። ይህን በአክብሮት ቋንቋ እንዴት እንደሚጻፍ አላውቅም።

በመጨረሻም፣ ስለ ትዕግሥትዎ፣ ስለ ሊቅነትዎ፣ ስለ ሁለቱም ፊርማዎችና በተለይም ስለ ማኅተሙ ጥራት ምስጋናዬን እየደገምኩ፣ አምላክ የምክክሩን ጉባኤ ከክፍፍል፣ ጉባኤተኞቹንም ከድካም፣ የሚያርፉበትንም ሆቴል ከመብራት መጥፋት እንዲጠብቅልን ዘወትር እንደምጸልይ ላረጋግጥልዎ እወዳለሁ።

ከታላቅ አክብሮት ጋር፣
በሥልጣን ከማንም በታች፣ በትዕግሥት ግን ከንዑስ ኮሚቴው እኩል የሆንኩ፣
የሕፃን ኃይለመስቀል አባት
ባምላኩ ተገኘ
ከመንዝ፣ ሰኔ ፳፻፲፯ ዓ.ም.

ግልባጭ፦ ለመጋቤ ምሥጢር ምንይሉ፣ ቅጂያቸውን አንብበው መልሱን ለእኔ እንዲሰጡኝ፤ ወደ አባ ቴዎፍሎስ መልሰው እንዳይመሩት በትሕትና እለምናለሁ።

ማስታወሻ፦ ጌታነሽ ዳግመኛ ፀንሳለች፤ ነሐሴ ውስጥ ትወልዳለች። መንገዱ አሁንም እንደተዘጋ ነው። ጽሕፈት ቤትዎ ከሐምሌ እስከ መስከረም ለክረምት ዕረፍት እንደሚዘጋም ሰምቻለሁ፤ መልካም ዕረፍት። ባለቤቴን ጤና ጣቢያ ሂጂ ስላት እምቢ ብላኛለች። ምጥ ሲጀምራት ከግንቡ ማዶ፣ ከልጇ አጠገብ እንዳነጥፍላት አዝዛኛለች፤ ከዳነ ለቄሱ ቅርብ ነው፣ ካልዳነም ለወንድሙ ቅርብ ነው ብላለች። ስለዚህ አይቸኩሉ።